በመትረየሱ ግራ በኩል

ሐሳቤ ዋጋ እንዳለው ያወቅሁት በአንድ የጥቅምት ጠዋት፣ ከደባርቅ ወደ ደረስጌ በሚወስደው መንገድ ባለች አንዲት መንደር ውስጥ፣ ከመትረየስ አጠገብ ቆሜ ነው። ይህን ስናገር የሚስቁብኝ አሉ። ጠመንጃ የማትወድ፣ ድምፅ ሲበዛባት ክፍል የምትለቅ፣ ዕድሜዋን ፊዚክስ በማስተማር ያሳለፈች ሴት ከመትረየስ ጋር ምን አገናኛት ይላሉ። እናንተም ብትሉ አልፈርድባችሁም። ነገሩን ግን ከመጀመሪያው ልንገራችሁ።

ያኔ ሃያ ዓመት አልፎኝ ስድስተኛ ክፍል ነበርሁ። በልጅነቴ ዳባት ተድሬ፣ ትዳሩ ሳይሆንልኝ ቀርቶ ወደ ደባርቅ ተመለስሁና ከአጎቴ ቤት ገባሁ። ፊደል የቆጠርሁት ከዚያ ወዲህ ነው። አብረውኝ የሚማሩት ልጆች ከደረቴ አይደርሱም። መምህሩ ወጣ ሲሉ፣ «እትዬ፣ ልጅሽን ልታስመዘግቢ መጥተሽ ነው?» እያሉ ይሳለቁብኛል። አልመልስላቸውም። ዝም ማለት ልማዴ ነበር፤ የምጠይቀውንም ነገር ከአፌ ከማውጣቴ በፊት በልቤ ሦስት አራት ጊዜ አገላብጠው ነበር።

አጎቴ ግራዝማች ደስታ ይባላሉ። በጣሊያን ጊዜ አርበኛ ነበሩ። ጦርነቱ ሊያልቅ ሲል በሱዳን በኩል ከገባው መሣሪያ አንድ ቀላል መትረየስ ደርሷቸው፣ እስከ መጨረሻው በእሱ ተዋጉ። ቀላል ይባል እንጂ ሸክሙ የጎልማሳ ትከሻ ያጎብጣል። አፈሙዙ ጫፍ ላይ ሁለት ታጣፊ እግር አለው፤ ጥይቱን የሚይዘው ካዝና እንደ በግ ቀንድ ጎበጥ ብሎ ከላይ ይሰካል። እንዲህ ያለው መሣሪያ የሁለት ሰው ነው። አንዱ ይተኩሳል። ሁለተኛው በግራ በኩል ሆኖ ባዶውን ካዝና ይነቅላል፣ ሙሉውን ይሰካል። ያ ሁለተኛው ሰው አያ ተገኘ ነበሩ።

ነጻነት ሲመለስ የግራዝማችነቱ ማዕረግም መትረየሱም ለአጎቴ ሆነ። አያ ተገኘ ወደ መንደራቸው ተመልሰው ማረሻቸውን ያዙ። በየሰርጉና በየድግሱ ሲፎከር የሚጠራው የአጎቴ ስም ብቻ ነበር። ሁለቱ ተጣልተው አያውቁም፤ እየተራራቁ ሄዱ እንጂ።

አያ ተገኘ በነሐሴ መጨረሻ አረፉ። አርበኛ ሲቀበር የጦር ጓዱ መተኮሱ ወግ ነው፤ አጎቴም መትረየሱን ይዘው ሄዱ። እኔ አልነበርሁም፣ ሲወራ ነው የሰማሁት። ቃታውን ሲስቡ አንድ ጥይት ተኮሰና ዝም አለ። በእጃቸው አቀባብለው እንደገና ሳቡ፤ አሁንም አንድ ተኩሶ ዝም። ለቀስተኛው አጉረመረመ። የሟች የበኵር ልጅ አዳነ ሰው ሁሉ እየሰማው፣ «ለካዝና ተሸካሚ አንድ ጥይት ይበቃዋል ማለት ነው» አለ።

ተዝካሩ ሊደርስ ጥቂት ቀን ሲቀረው፣ የሁለቱም ቤት ነፍስ አባት የሆኑት መምሬ ጥላሁን ከቤታችን መጡ። መንገዱን በእግራቸው ነው የመጡት። ውኃ እንኳ ሳይጠጡ ወደ ነገሩ ገቡ። አዳነ ምሏል አሉ። መትረየሱ በተዝካሩ ቀን እንደ ወጉ ካልጮኸለት፣ የአባቱን መናቅ በጥይት እንደሚመልስ ምሏል። ሊገዝቱት ሞክረው አልሰማቸውም።

«መሣሪያው ነው እኮ እምቢ ያለኝ፣ መምሬ» አሉ አጎቴ።

«እኔ አምናለሁ። እሱ አያምንም።»

ቢቀሩስ ብለው ጠየቋቸው መምሬ። 

«ከተገኘ ተዝካር ቀርቼ የት ልውል?» አሉ አጎቴ።

መምሬ ከሄዱ በኋላ አጎቴ መትረየሱን ከጓዳ አውጥተው ጓሮ ፀሐይ ላይ አጋደሙት። እኔ ሽምብራ እየለቀምሁ ነበር። ሊገድሏቸው የተዘጋጀ ሰው እንዳለ አውቃለሁ፤ ሊያድናቸው የሚችለው ያ ብረት ብቻ እንደሆነም አውቃለሁ። ሰፌዱን አስቀምጬ ቀረብሁ።

«ልየው፣ አያ?»

«ትምህርት ቤት መሣሪያ መፍታት ጀመሩ እንዴ?» አሉኝ ሳይቆጡ። ሴት መሣሪያ አትነካም የሚባልበት ቤት ነበር፤ ግን ጭንቀታቸው ከወጉ በለጠ መሰለኝ፣ ፈቀቅ ብለው ቦታ ሰጡኝ።

መፍታቱን እጃቸው ያውቀዋል። ዓይናቸውን ጨፍነው ይፈቱታል። ለየብረቱ ያወጡለት የራሳቸው ስም ነበራቸው፤ ከአፈሙዙ ሥር ባለው ቀጭን ቱቦ ውስጥ የሚመላለሰውን ዘንግ «ዘነዘና» ይሉታል። አንድ በአንድ እየፈቱ ነጠላዬ ላይ ደረደሩልኝ፤ እኔም ማን ከማን ጋር እንደሚገጥም እያነሣሁ አየሁ። መጀመሪያ ግራ ያጋባኝ ማነጣጠሪያው ነበር። መሐል ላይ መሆን ሲገባው ወደ ግራ ተገፍቷል። የተንጋደደ ሥራ መሰለኝ። ቆይቼ ሳስበው፣ ለካ መሐሉን ካዝናው ስለያዘው ነው! ዓይን አልፎ እንዲያይ ማነጣጠሪያውን ወደ ጎን ወስዶታል። ማን ወሰደው? አንድ ሰው። የሆነ ቦታ ተቀምጦ ይህን ያሰበ ሰው አለ። ከዚያች ቅጽበት ጀምሮ ያ ብረት ብረት ብቻ መሆኑ ቀረብኝ።

«አያ፣ ይህን ዘነዘና ወደ ኋላ የሚገፋው ማን ነው?»

«ራሱ ነዋ።»

«ራሱ ማለት?»

«ቃታውን ትስቢያለሽ፣ ይተኩሳል፣ ይመለሳል፣ ሌላ ይጎርሳል። ራሱ።»

«ወደ ፊት የሚወስደውስ ሞላው ነው፤ አየሁት። ወደ ኋላ ግን ሞላውን አሸንፎ የሚመልሰው አንድ ጉልበት መኖር አለበት።»

አጎቴ እጃቸው ላይ ያለውን ዘነዘና እንደ እንግዳ ነገር አዩት። ስንት ዓመት አብረውት ኖረው ይህን ጠይቀው አያውቁም። ለምን ይጠይቃሉ? ይሠራ ነበር።

አፈሙዙን አንሥቼ በሆዱ በኩል በጣቴ ዳሰስሁት። ከጫፉ ወረድ ብሎ አንዲት ቀዳዳ አገኘሁ፤ የስንዴ ቅንጣት የምታህል። ቀዳዳዋ በቀጥታ ዘነዘናው ወደሚመላለስበት ቱቦ ታመራለች። አፈሙዙ ውስጥ ለብ ያለ ውኃ አፈሰስሁ። ውኃው በጫፉ ወጣ፤ በቀዳዳዋ ግን ጠብ አላለም።

«ምን ነበር የሚቀቡት፣ አያ?»

«ቅቤ። በየጥምቀቱ እቀባዋለሁ። እንዳይዝግ ነው፣ ደግሞም ክብሩ ነው።» ቆይተው ጨመሩ፣ «ውስጡንም ነው የምቀባው። ከውጭ ብቻ ቢሆን ስስት ይሆናል።»

አልሳቅሁም። የሚወዱትን ነገር ከሚቀቡት ሌላ በምን ሊያከብሩት ነበር? ቅቤው በየዓመቱ እየተደራረበ፣ ከባሩድ ጥላሸት ጋር ተጋግሮ፣ ያችን ቀዳዳ እንደ ሰም ዘግቷታል። ወስፌ ላምጣ ብል ቀዳዳዋን ታሰፊያታለሽ ብለው ከለከሉኝ። ለስፌት ካስቀመጥሁት ስንደዶ ቀጭን መርጬ፣ ላምባ ውስጥ እየነከርሁ ስቆረቁር ጥቁር ዝቃጭ እየወጣ ከሰዓቱ ተጋመሰ። ከዚያ ውኃ አፈሰስሁ። በቀዳዳዋ በኩል እንደ ክር ቀጥኖ ወረደ።

ያን ጊዜ ነው የገባኝ።  ጥይቱን የሚገፋው እሳት ከጥይቱ ጋር በአፈሙዙ ይሮጣል። ጥይቱ ቀዳዳዋን ሲያልፍ፣ ከእሳቱ ቁንጥር ታህል በቀዳዳዋ ትሾልክና ዘነዘናውን ወደ ኋላ ትመታዋለች። ዘነዘናው ሲሄድ ቀለሁን ያወጣል፣ ሞላውን ይጨምቀዋል። ሞላው ሲመልሰው ደግሞ አዲስ ጥይት ጎርሶ ይመጣል። እያንዳንዱ ጥይት ከመውጣቱ በፊት ለሚቀጥለው በር ይከፍትለታል። መትረየሱ የሚኖረው በራሱ ትንፋሽ ነበር። ይህንኑ ለአጎቴ ነገርኋቸው። እሳቸውም፣ «አንዴ ተኩሶ ዝም ያለው ለዚያ ነዋ፤ ትንፋሽ አጥሮት» አሉ።

ደግሞ ሌላ ነገር አየሁ። ከቀዳዳዋ አፍ ላይ የምትዞር ትንሽ ብረት አለች፤ አራት ቀዳዳ አላት፣ አራቱም መጠናቸው የተለያየ። አሁን የቆመችው በትንሿ ላይ ነው። ብረቷን ለምን እንድትዞር አደረጋት? አሰብሁ፣ አሰብሁ። መሣሪያው ሲቆሽሽ፣ ሲከብደው፣ ብዙ ትንፋሽ እንዲያገኝ ወደ ትልቋ እንዲዞር ነው። ይህን የሠራ ሰው መቆሸሻችንን ያውቅ ነበር። እኛን ሳያየን፣ ስሜንን ሳያውቅ፣ ጭቃችንንና ቅቤያችንን አስቀድሞ አስቦ ቦታ ትቶልናል። አምላኬን ሳመሰግን እንኳ እንዲህ ዝም ያልሁበት ጊዜ ትዝ አይለኝም።

«ወደ ትልቋ እናዙራት፣ አያ።»

«ተይ። ስረከበው እንዲህ ነበር።»

«ግን…»

«ያገኘሁትን አልለውጥም።»

ነገሩ አለቀ። ሞክረን እንዳናየው ጥይቱ ጥቂት ነው፤ ደግሞም ደባርቅ ከተማ ውስጥ መትረየስ ቢጮህ ፖሊስ ጣቢያው በሙሉ ይነሣል። ገጣጥመው ጠቀለሉት።

የተዝካሩ ዕለት ማለዳ ሜዳው ሁሉ በአመዳይ ነጭ ሆኖ ነበር። የጥቅምት ውርጭ ጆሮ ይቆርጣል። መትረየሱን በበቅሎ ጭነን ከረጃጅሞቹ የጅብራ ተክሎች ሥር በሚያልፈው መንገድ ወረድን። እኔ የምሄደው ከሴቶች ጋር ወጥ ቤት ላግዝ ነበር። እንዲያ ነበር የታሰበው።

ዳሱ የተጣለው ገደል አፋፍ ካለ ሜዳ ላይ ነው። በገደሉ ዳር የድንጋይ ካብ አለ፤ ካቡን ተከትሎ ወደ ቀኝ የሟች ቤተ ዘመድ ቆሟል። አዳነ ከሁሉም ፊት ነበር፤ የአባቱን ካባ በግራ ክንዱ ላይ አድርጎ፣ ጠመንጃውን በቀኙ ይዞ። አጎቴ እጅ ነሡ። እሱ አልመለሰም። አጎቴ የመትረየሱን እግሮች ካቡ ላይ ተከሉ፣ አፈሙዙን ባዶው ገደል ላይ አቀኑና ተንበረከኩ። ከዚያ ወደ ግራ ዞር ብለው ባዶውን ቦታ አዩት። ካዝና የሚሰካ ሰው ያስፈልጋል።

«አዳነ፣ የአባትህን ቦታ ያዝ» አሉት።

«አባቴ በተናቀበት ቦታ ላይ አልቆምም።»

ከሰዉ መሐል የተንቀሳቀሰ የለም። ሁሉም አዳነን ይፈራሉ። አጎቴ ቀና ብለው ወደ ሴቶቹ በኩል ተመለከቱ፣ በዓይናቸውም አገኙኝ።

«የሺ፣ ነይ።»

እንዴት እንደሄድሁ አላስታውስም። ከኋላዬ፣ «ሴት ሊያቆም ነው? ቀለደበት እኮ» ሲባል ሰማሁ። በአጎቴ ግራ ተንበረከክሁ። ካዝናውን ሰካሁት፤ ቀጭ አለ። አጎቴ አማተቡና ቃታውን ሳቡ።

ጮኸ። ገደሉ ተቀብሎ መለሰው፣ ማዶ ያለው ተራራም መለሰው። ሴቶቹ እልል አሉ። ትኩስ ቀለህ እግሬ ሥር ይዘንባል። ደስታዬ ግን ከትንፋሽ አልዘለለም፤ ምክንያቱም የአጎቴን ጣት አየሁት። ጣታቸው ቃታውን ለቅቋል። መትረየሱ ግን ይተኩሳል። እጃቸውን አንሥተው በድንጋጤ ጣታቸውን ያያሉ፣ እሱ አሁንም ይተኩሳል። ሰዉ ምንም አላወቀም፤ እልልታው ቀጥሏል።

ከዚያ የካቡ ድንጋይ ተናደ። አንደኛው እግር ተንሸራተተና አፈሙዙ ወደ ቀኝ መዞር ጀመረ። ጥይቱ የካቡን ድንጋይ እየፈለጠ ቤተ ዘመዱ ወደቆመበት ይሄዳል። አጎቴ በትከሻቸው ሊመልሱት ታገሉ፤ የእርጅና ትከሻ ነው። ከአፈሙዙ ቀጥሎ ያለው የመጀመሪያው ሰው አዳነ ነበር። ፊቱን አየሁት፤ የድንጋይ ብናኝ አልብሶታል፣ አልሸሸም፣ ያልሸሸውም ሊገድሉት የቆረጡ መስሎት ነው።

መትረየሱን ማቆም አልችልም። ጉልበት የለኝም። አንድ ነገር ብቻ አውቅ ነበር፤ የሚጎርሰው ካጣ ይቆማል። ከካዝናው ኋላ ያለችውን ምላስ በመዳፌ ገፋሁና ካዝናውን በሁለት እጄ ወደ ላይ ነቀልሁት። አንድ ጥይት ከአዳነ እግር አጠገብ አፈር አስነሣ። ከዚያ ጸጥ አለ።

እልልታውም ጸጥ አለ። አዳነ ጠመንጃውን ወደ አጎቴ ደረት አቀና። መምሬ ጥላሁን መስቀላቸውን ይዘው መሐል ሊገቡ ሲሮጡ፣ አጎቴ እንደተንበረከኩ እጃቸውን አንሥተው አስቆሟቸው።

«ተኩስ፤ መብትህ ነው» አሉት። «መጀመሪያ ግን ስማኝ። አባትህ እጁ ላይ የነበረውን ጠባሳ ታውቀዋለህ?»

አዳነ ጠመንጃውን አላወረደም።

«ሊማሊሞ አፋፍ ላይ ይህ መሣሪያ እንዲሁ አልቆምም አለኝ። የራሳችን ሰዎች ከፊት ነበሩ። ልክ እንደዚህ ነው የዞረብኝ። አባትህ በአንድ እጁ የጋለውን አፈሙዝ ይዞ ወደ ሰማይ ገፋው፣ በአንድ እጁ ካዝናውን ነቀለው። ሥጋው ብረቱ ላይ ቀረ። ያን ቀን የዳኑት ሰዎች የፎከሩት ግን በእኔ ስም ነው። እኔም ዝም አልሁ።»

«እሱ እያለ ለምን አልተናገሩም?» አለ አዳነ። ድምፁ ተለወጠ።

«አፈርሁ። አንድ ዓመት ያፈረ ሰው በሁለተኛው ዓመት የባሰ ያፍራል። ካዝና ተሸካሚ አልነበረም፣ ልጄ። እኔ ተኳሽ ነበርሁ። አዳኙ እሱ ነው።»

 የአዳነ ጠመንጃ ቀስ እያለ ወደ መሬት ዝቅ አለ፤ የአባቱን ካባ ፊቱ ላይ አድርጎ ቆመ። ትከሻው ሲንቀጠቀጥ ሁሉም አየው፤ ሊቀርበው የደፈረ ግን አልነበረም። መምሬ ብቻ ቀርበው መስቀላቸውን ራሱ ላይ አሳረፉ።

ብዙ ቆይቶ፣ «እንግዲያው እንደ ሥርዓቱ ይጮህለት» አለ አዳነ። «ሲጀምርም ሲያቆምም እያዘዙት።»

አጎቴ መትረየሱን አዩት፣ ከዚያ እኔን አዩኝ። ቅድም የሆነውን በልቤ ሳገላብጠው ቆይቻለሁ። ቃታው ሲለቀቅ ዘነዘናውን ይዞ የሚያስቀር አንድ ጥርስ ከወደ ኋላ አለ። ዘነዘናው እዚያ ድረስ ካልደረሰ ጥርሱ አይዘውም፤ አዲስ ጥይት ለመጉረስ የሚበቃውን ያህል ብቻ ከተመለሰ ያለ ማንም ትእዛዝ ደግሞ ይተኩሳል። ቱቦው ውስጥ የቀረው ቅቤ በውርጩ ረግቷል። ትንፋሹ መጣ እንጂ አልበቃም።

«አያ» አልሁ፤ ድምፄ ለራሴም አይሰማኝም ነበር፣ «ትልቋን ቀዳዳ እናድርገው።»

ሰው ሁሉ ይሰማል። ግራዝማች ደስታ፣ ያገኙትን የማይለውጡት ሰው፣ ለመመለስ ጊዜ አልወሰዱም።

«አድርጊ።»

በጥይት ጫፍ ገፍቼ አዞርኋት። ተነሥቼ ቦታውን ስለቅ አዳነ መጣና በግራ በኩል ተንበረከከ። ካዝናውን እንዴት እንደሚሰካ አሳየሁት። አጎቴ የመትረየሱን እግሮች ድንጋይ ላይ ሳይሆን መሬት ላይ፣ ሰው በሌለበት በኩል ተከሏቸው። አጎቴ ሳቡ፤ ጮኸ። ለቀቁ፤ ቆመ። ሳቡ፤ ጮኸ። ለቀቁ፤ ቆመ። በመሐሉ ያለው ጸጥታ ከጩኸቱ በላይ የሚያምር ነበር። ሰዉ አላጨበጨበም፤ እልልታም አልነበረም። ሁሉም የአያ ተገኘን ስም እየጠሩ አለቀሱ፤ በቀብራቸው ቀን ያልተለቀሰውን።

ከዚያ ወዲያ ያለው ታሪክ አጭር ነው። አጎቴና አዳነ በዚያው ቀን በመስቀል ታረቁ። እኔ ከዓመታት በኋላ የሁለተኛ ደረጃን የመጨረሻ ክፍል ልማር ጎንደር ወረድሁ፤ አጎቴ ራሳቸው በቅሎ ጭነው ሸኙኝ። የዘነዘናውን ነገር በሥርዓት በመጽሐፍ ያነበብሁት ከዚያ በኋላ ብዙ ቆይቼ ነው። ሳነብ አዲስ ነገር እንዳልነበረው ብነግራችሁ ትዕቢት አይምሰላችሁ።

አንባቢዎቼ፣ መሣሪያ ውደዱ አልላችሁም። ያን ሁሉ ጥንቃቄ፣ ያን የሰው ድካም የሚገባው፣ መቆሸሻችንን አስቀድሞ የሚያስብ አእምሮ ሰውን ለመግደል መዋሉ ዛሬም ያስፈራኛል። ፍርሃቱና አድናቆቱ ተለያይተውልኝ አያውቁም፤ እንዲለያዩልኝም መፈለግ ትቻለሁ። ለተማሪዎቼ ግን ሁልጊዜ አንድ ነገር እላቸው ነበር። በሰው እጅ የተሠራ ነገር ሁሉ ውስጥ ሰው ተቀምጧል፤ ጠይቁት፣ ይመልስላችኋል። አብዛኞቹ የመምህር ወግ አድርገው ሰሙኝ። አንዳንዶቹ ግን፣ አብዛኛውን ጊዜ ከኋላ ወንበር ዝም ብለው የሚቀመጡት ሴቶች፣ ደወል ተደውሎ ሌላው ሲወጣ እነሱ ይቀሩና ጠረጴዛዬ ጋ ይመጣሉ። የሚጠይቁኝን ለመናገር ሲቸገሩ አያቸዋለሁ። አልቸኩልባቸውም።

«በይ፣ ንገሪኝ» እላታለሁ፤ ተናግራ እስክትጨርስም ጠመኔዬን አስቀምጬ እጠብቃለሁ።